ሸንኮራው ጠማማ ቢሆንም፦ ስለ ህንድ የቪሽኑ ቅዱሳን ለቀረበ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን አንድ ወዳጄ «አንተ ህንድ ስለቆየህ ይህን አንብብና ንገረኝ» ብሎ ረዘም ያለ ጽሑፍ ላከልኝ። ጽሑፉ የሂንዱዎችን አምላክ ቪሽኑንና መገለጫዎቹን፣ በተለይም ክሪሽናን ስለሚያመልኩት ህንዳውያን፣ ማለትም ስለ ቫይሽናቫዎች ታሪክና ቅዱሳን የሚተርክ ነው። በዚህ ርእስ በአማርኛ የሚጻፍ ነገር ከስንት አንዴ ስለሚገኝ በደስታ ጀመርኩት፤ ገጹን ሳልገፋ ግን እርሳስ አነሳሁ፣ ስጨርስ ኅዳጉ በሙሉ በእኔ ጭረት ተሞልቶ ነበር። ጸሐፊው እንደ ደከሙበት ያስታውቃል። የደከሙበት ግን በተሳሳተ ካርታ ነው።

የጽሑፉ ሐሳብ ሲጨመቅ ይህን ይመስላል። እምነቱ ከሰሜን ህንድ፣ ከጋንጅስ ሸለቆ ተነሥቶ ወደ ደቡብና ወደ ዳር አገር ወረደ። የየክልሉ ቅዱሳን በጥንቱ ቅዱስ ቋንቋ በሳንስክሪት የተጻፈውን መጽሐፍ ወደ መንደር ቋንቋ የመለሱ ተርጓሚዎች ናቸው። እንቅስቃሴው የተወለደው ለእስልምና መስፋፋት መልስ ሆኖ ነው። ቅዱሳኑ ዓለምን የናቁ መናንያን ነበሩ፤ ካስት የሚባለውን በትውልድ የሚወሰን የመደብ ሥርዓትም አፈረሱ። ከአንዲት ልዕልት በቀር በታሪኩ ውስጥ ሴት የለችም። ገድሎቹ ተረት ስለሆኑ ለታሪክ አይረቡም። ዛሬ የቀሩት ደግሞ በየከተማው አደባባይ ብርቱካናማ ለብሰው ከበሮ የሚመቱት ናቸው።

እኔ የሃይማኖት ሊቅ አይደለሁም። በማሃራሽትራ ግዛት በፑኔ ከተማ ጥቂት ዓመታት ተምሬአለሁ፤ ቤት ያከራዩኝ አሮጊት የቪሽኑ አምላኪ ነበሩ፣ እኔም እንደ ልጅ ልጆቻቸው «አጂ» ነበር የምላቸው፣ አያቴ ማለት ነው። ስለዚህ ማሃራሽትራ ላይ ማዘንበሌ አይቀርም። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ከሰሜን ወረደ» የሚለውን እናስቀድም። ይህ አባባል የሚጋጨው ከእኔ ጋር ሳይሆን ከእምነቱ ከራሱ መጻሕፍት ጋር ነው። ባጋቫታ ፑራና ከሚባለው ታላቅ መጽሐፍ ጋር አብሮ የሚነበብ አንድ የውዳሴ ክፍል አለ። በዚያ ውስጥ ባክቲ፣ ማለትም በፍቅር የመገዛት አምልኮ፣ ሴት ሆና የሕይወት ታሪኳን ትናገራለች። በድራቪድ ተወለድኩ፤ በካርናታካ አደግሁ፤ በማሃራሽትራ አንዳንድ ቦታ ተከበርኩ፤ በጉጃራት አረጀሁ ትላለች። ወደ ሰሜን፣ ወደ ቭሪንዳቫን ስትደርስ ነው እንደገና ወጣት የሆነችው። ድራቪድ የታሚሎች አገር፣ የደቡቡ ጫፍ ነው። ሰሜኑ እንግዲህ የትውልድ መንደሯ ሳይሆን ጠበል ገብታ የወጣችበት ስፍራ ነው ማለት ይቻላል።

ታሪኩም ከግጥሙ ጋር ይስማማል። ከ6ኛው እስከ 9ኛው መቶ ዓመት ገደማ በታሚል አገር 12 ባለቅኔዎች ተነሡ። አልዋር ይባላሉ፤ በአምላክ ፍቅር የሰጠሙ ለማለት ነው። ንጉሥ አለባቸው፣ የገበሬ ልጅ አለባቸው፣ ሽፍታ የነበረ አለባቸው፣ ቤተ መቅደስ እንዳይገባ ከተከለከለ ወገን የተወለደ በገና ደርዳሪ አለባቸው። ናታሙኒ የተባለ ሊቅ ኋላ የሰበሰባቸው 4,000 ስንኞቻቸው በሙሉ በታሚል ቋንቋ ናቸው። እነዚህ መዝሙሮች ምን ያህል ክብር እንዳገኙ ለማየት መጽሐፍ መግለጥ አያስፈልግም፤ በታሚል አገር ታላላቅ የቪሽኑ ቤተ መቅደሶች ምስሉ ለዑደት ሲወጣ መቆም ይበቃል። የታሚሉን መዝሙር የሚያዜሙት ከምስሉ ፊት ይሄዳሉ፤ ጥንታዊውን ቅዱስ መጽሐፍ ቬዳን በሳንስክሪት የሚደግሙት ከኋላ ይከተላሉ። ታቦት ሲወጣ ማን ከፊት ማን ከኋላ እንደሚሄድ ለሚያውቅ አንባቢ የዚህን ትርጉም ማብራራት አያስፈልገኝም። ቬዳንታ ዴሺካ የተባሉት የ14ኛው መቶ ዓመት መምህር፣ ራሳቸው የሳንስክሪት ሊቅ ሆነው ሳለ፣ በቬዳ ውስጥ የተሰወረብንን ቦታ የምንረዳው የታሚሉን መዝሙር ተምረን ነው ብለው በግጥም ጽፈዋል። ተርጓሚ እንግዲህ የትኛው ነው?

የማሃራሽትራው አምላክ ራሱስ? በፓንዳርፑር ከተማ፣ በቢማ ወንዝ ዳር፣ ሁለት እጆቹን ወገቡ ላይ አድርጎ በጡብ ላይ የቆመ ጥቁር ምስል አለ። ቪቶባ ወይም ቪታል ይሉታል። ጡቧ ታሪክ አላት። ፑንዳሊክ የተባለ ሰው እናትና አባቱን እያገለገለ ሳለ አምላክ ሊጠይቀው መጣ፤ ልጁ ግን «ወላጆቼን አገልግዬ ሳልጨርስ አልነሣም» ብሎ ጭቃ እንዳይነካው የሚቆምባትን ጡብ ወረወረለት። አምላክም እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ቆመ፤ እስከ ዛሬ እየጠበቀ ነው። አጂ ይህን ሲተርኩልኝ እጃቸውን ወገባቸው ላይ ያደርጉና «እንዲህ፣ አውቶቡስ እንደሚጠብቅ ሰው» ይሉ ነበር። ይህ አምላክ በድሮዎቹ መዝሙሮች ውስጥ ብዙ ጊዜ የካርናታካ ሰው ተብሎ ይጠራል፤ ከደቡብ ጎረቤት አገር ማለት ነው። በ1237 የካርናታካው የሆይሳላ ንጉሥ ሶሜሽቫራ ለመቅደሱ አንድ መንደር መስጠቱም በድንጋይ ላይ ተቀርጿል። ከጋንጅስ የወረደ ነገር አላየሁም።

ስለ ተርጓሚነቱ አንድ ነገር ልጨምር። ጸሐፊው ዲኛኔሽቫር (1275–1296) የተባለውን ወጣት ቅዱስ «ባጋቫድ ጊታን ወደ ማራቲ የተረጎመ» ብለው አልፈውታል፤ ማራቲ የማሃራሽትራ ሕዝብ ቋንቋ ነው። ጊታ፣ ክሪሽና የሚያስተምርበት የሳንስክሪት ቅዱስ መጽሐፍ፣ 700 ስንኝ ነው። ዲኛኔሽቫር በ1290፣ ገና በ15 ዓመቱ፣ የፈጸመው መጽሐፍ ወደ 9,000 ስንኝ ይደርሳል። አንዱን ከ12 በላይ የሚያደርግ ትርጉም ካለ እኔም ላየው እፈልጋለሁ። የእኛ ሰው ይህን ነገር ለመረዳት ሩቅ መሄድ የለበትም፤ አንዲት የግዕዝ ዐረፍተ ነገር ተነብባ መምህሩ በአማርኛ «አንድም» እያለ ውሎ የሚያድርበትን ጉባኤ ቤት ያስብ። በዚያ ላይ ልጁ ለቋንቋው የሚቀና ነበር፤ የእኔ ማራቲ ከአምሪት፣ ከማይሞቱት መጠጥ፣ ጋር በጣዕም ተወራርዶ ያሸንፋል ይላል። ይህን የጻፈው ከብራህሚን፣ ማለትም ከከፍተኛው የካህናት ወገን፣ ማኅበረሰብ ከተወገዘ ቤት የወጣ ልጅ ነው። አባቱ መንኖ ሳለ ወደ ሚስቱ በመመለሱ ልጆቹ ሁሉ እንደ ርኩስ ተቆጥረው ነበር።

አሁን ወደ እስልምናው ነጥብ። እዚህ ላይ ጸሐፊውን የሚከራከራቸው የዘመን ቁጥር ነው። አልዋሮች ሲዘምሩ በታሚል አገር የሙስሊም መንግሥት አልነበረም፤ ይፎካከሯቸው የነበሩት የቡድሃና የጃይን እምነት ተከታዮች ናቸው። ከዴልሂ የመጣ ጦር እዚያ የደረሰው በ14ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ነው። በማሃራሽትራ ደግሞ የዴልሂው አላኡዲን የዴቫጊሪን ከተማ ለመጀመሪያ ጊዜ የወረረው በ1296 ነው፤ ዲኛኔሽቫር መጽሐፉን ከፈጸመ ከስድስት ዓመት በኋላ፣ በሞተበት ዓመት መሆኑ ነው። መልሱ ከጥያቄው ቀድሞ ተጽፎ ነበር እንበል?

ከዚያ በኋላ በሁለቱ እምነቶች መካከል ግጭት አልነበረም አልልም። ቤተ መቅደሶች ተዘርፈዋል፣ ምስሎች በሽሽት አገር ለአገር ዞረዋል። ግን ነገሩ ጸሐፊው እንዳሉት ግንብና ግንብ አልነበረም። በፓይታን የኖረው ኤክናት (1533–1599) ያደገው በመምህሩ በጃናርዳን እግር ሥር ነው፤ ጃናርዳን ደግሞ በሙስሊም ሱልጣን ሥር የዳውላታባድን ምሽግ ያዝዝ የነበረ ሹም ነው። በቤንጋል የክሪሽና አምላኪ የነበረውን መምህር ቻይታንያን (1486–1534) ከተከተሉት መካከል ሩፓና ሳናታና የተባሉት ወንድማማቾች የሱልጣን ሁሴን ሻህ ባለሥልጣኖች ነበሩ፤ ሃሪዳስ ደግሞ በሙስሊም ቤት ያደገ ነው።

አንድ ነገር እግረ መንገዴን፣ ምክንያቱም ጸሐፊው ኢትዮጵያዊ ሆነው ይህን ማለፋቸው ገርሞኛል። የማሃራሽትራ ሕዝብ ከሁሉ አብልጦ የሚወደው ባለቅኔ ቱካራም ነው። በ1608 ገደማ በፑኔ አቅራቢያ በዴሁ መንደር ሲወለድ አካባቢው የአህመድናጋር ሱልጣኔት ግዛት ነበር። ያንን ሱልጣኔት በስሙ ሳይሆን በተግባር ይገዛ የነበረው፣ የሰሜን ህንድ ኃያላን ገዢዎች የነበሩትን ሙጋሎች በደፈጣ ውጊያ እንቅልፍ የነሳው ሰው ማሊክ አምባር ነው፤ ከኢትዮጵያ በባርነት ተሸጦ የሄደው የእኛው ሰው። እስከሞተበት እስከ 1626 ድረስ ሥልጣን ላይ ነበር። ስለዚህ ቱካራም ልጅነቱን ያሳለፈው በሐበሻ አስተዳደር ሥር ነው ማለት ነው። ይህ ስለ መዝሙሩ ምንም አይነግረንም፤ ግን «የሙስሊም ገዢ» ሲባል ምን ዓይነት ሰው እንደሚሣልልን ቆም ብለን እንድናስብ ያደርጋል።

አሁን ዋናው ጠብ። ጸሐፊው «ቅዱሳኑ የካስትን ሥርዓት አፈረሱ፤ የህንድ ተሐድሶ ናቸው» ብለዋል። አባባሉ አዲስ አይደለም፤ ዳኛውና የታሪክ ጸሐፊው ራናዴ በ1900 የማሃራሽትራን ቅዱሳን ከአውሮፓ የፕሮቴስታንት ተሐድሶ ጋር አስተያይተዋል። ለዘመናቸው የሚያኮራ ንጽጽር ነበር። እኔ ግን ጸሐፊውን የፓንዳርፑር ቤተ መቅደስ ደረጃ ሥር ወስጄ ባቆማቸው ደስ ይለኛል።

ምሥራቃዊው በር ላይ፣ ወደ ውስጥ ከሚያስገባው ደረጃ ግርጌ፣ የቾካሜላ መቃብር አለ። ቾካሜላ በ14ኛው መቶ ዓመት የኖረ የማሃር ሰው ነው። ማሃሮች የመንደሩን ወሰን የሚጠብቁ፣ የሞተ ከብት የሚያወጡ፣ «የማይነኩ» ተብለው ከመንደር ውጭ የሚኖሩ ናቸው። ቪቶባን በመዝሙር ጠግቦ የማይጠግበው ይህ ሰው ግን ምስሉን በቅርብ ዐይቶ አያውቅም፤ ከደጅ ያለፈ አልተፈቀደለትም። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት እንዲህ ነው። በ1338 ገደማ በማንጋልቬዳ ከተማ ቅጥር ሲሠራ ግንቡ ተደርምሶ ከሌሎች የቀን ሠራተኞች ጋር ሞተ። ትውፊቱ እንደሚለው ወዳጁ ልብስ ሰፊው ናምዴቭ አጥንቱን ፍለጋ ሄደ። ከተቀላቀሉት አጥንቶች መካከል የቾካን እንዴት ይለያል? እያነሣ ጆሮው ላይ አደረጋቸው፤ «ቪታል፣ ቪታል» የሚለውን ለየና አምጥቶ በሩ ሥር ቀበረው።

ምን ያህል የሚያምር ታሪክ ነው! ነገር ግን ልብ በሉ፤ የተቀበረው በሩ ሥር ነው። አጥንቱ እንኳ ደረጃውን አልወጣም።

ቾካሜላ ራሱ ይህን ሳያውቅ አልሞተም። ሸንኮራው ጠማማ ነው፣ ጭማቂው ግን ጠማማ አይደለም፤ በውጩ መልክ ለምን ትታለላለህ? ይላል በሰፊው በሚታወቀው መዝሙሩ። ደጋኑ ጎባጣ ነው፣ ቀስቱ ግን አይደለም፤ ወንዙ ጠማማ ነው፣ ውሃው ግን አይደለም፤ ቾካ ጠማማ ነው፣ ፍቅሩ ግን አይደለም። ይህን መዝሙር ጸሐፊው ለእኩልነት ማስረጃ አድርገው ጠቅሰውታል። ደግመው ያንብቡት። ሰውየው «ጠማማ አይደለሁም» አላለም፤ «ጠማማ ነኝ፣ ግን» ነው ያለው። በሌላ መዝሙሩ ከአምላኩ አገልጋዮች ገበታ የተረፈውን ፍርፋሪ ሊለምን እንደመጣ ይናገራል። ልጁ ካርማሜላ ግን የአባቱ ትዕግሥት አልነበረውም፤ ዝቅተኛ አድርገህ ፈጠርከን፣ ዕድሜያችንን ሁሉ ትራፊ በላን፣ አንተ አታፍርም ወይ እያለ ቪቶባን ፊት ለፊት ይሞግተዋል። እኔ ከአባትየው ይልቅ ልጁን እወደዋለሁ፤ አጂ ግን በዚህ አይስማሙም ነበር።

ከዚያስ በሩ መቼ ተከፈተ? በ1947። ሳኔ ጉሩጂ የሚባሉት መምህርና የነፃነት ታጋይ «ወይ በሩ ይከፈታል፣ ወይ እሞታለሁ» ብለው ፓንዳርፑር ላይ የረሃብ አድማ ከተቀመጡ በኋላ ነው። ቾካሜላ ከሞተ ከ600 ዓመት በላይ ሆኖት ነበር። የማሃሮቹ ልጅ ቢ. አር. አምቤድካር በ1948 ስለ «የማይነኩት» ያሳተሙትን መጽሐፍ ቾካሜላን ጨምሮ ከዚያ ወገን ለተወለዱ ሦስት ቅዱሳን መታሰቢያ አድርገዋል፤ ቢሆንም በ1956 ናግፑር ላይ ሃይማኖታቸውን ወደ ቡድሃ ለወጡ፣ እጅግ ብዙ ማሃሮችም ተከተሏቸው። ካስቱ በቅዱሳኑ ፈርሶ ቢሆን ኖሮ ከምን ይሸሹ ነበር?

ይህ የማሃራሽትራ ብቻ ታሪክ አይደለም። በካርናታካ በኡዱፒ ከተማ የክሪሽና ቤተ መቅደስ ጀርባ አንዲት መስኮት አለች። ከእረኞች ወገን የተወለደው ባለቅኔ ካናካዳሳ እንዳይገባ ተከልክሎ ከውጭ ሲዘምር ግድግዳው ተሰነጠቀ፣ ምስሉም ፊቱን ወደ እርሱ አዞረ ይባላል። ዛሬም ምእመናን በዚያች መስኮት ያያሉ። አምላክ ዞረለት፤ በሩ ግን አልተከፈተለትም። እነዚህ ታሪኮች ሁሉ እንዲህ ናቸው። በደሉን አይክዱም፤ አምላክን ከተበዳዩ ጎን ያቆሙና ካህናቱን እዚያው ቁልፋቸውን እንደያዙ ይተዋቸዋል።

ታዲያ ምንም አልሠሩም ማለት ነው? እዚህ ላይ ከጸሐፊው ጋር ግማሽ መንገድ እሄዳለሁ። ልብስ ሰፊ፣ ሸክላ ሠሪ፣ ጸጉር አስተካካይ፣ ወርቅ አንጥረኛ፣ ቤት አገልጋይ፣ ማሃር፣ ሁሉም በስማቸውና በሙያቸው የሚታወሱበት፣ መዝሙራቸው ከብራህሚኑ መዝሙር ጋር በአንድ መድረክ የሚዘመርበት ጉባኤ መፍጠር በዚያ ዘመን ቀላል ነገር አይደለም። የናምዴቭ 61 መዝሙሮች ዛሬ በሲኮች ቅዱስ መጽሐፍ ውስጥ ይነበባሉ፤ ያንን ያህል ርቀዋል። በመዝሙር እኩል ሆነዋል። በበሩ ግን አልሆኑም። ሁለቱን አንድ ማድረግ ቾካሜላን ሁለተኛ ጊዜ መቅበር ነው።

«መናንያን ነበሩ» ለሚለው ደግሞ ከላይ የዘረዘርኳቸው ሙያዎች በቂ ይመስሉኛል። ባለትዳርና ባለዕዳ ነበሩ። ቱካራም በ1630ዎቹ መጀመሪያ በደረሰው ታላቅ ረሃብ ሚስቱ የሞተችበት፣ ሱቁ የከሰረበት የመንደር ነጋዴ ነው። አትክልተኛው ሳቫታ ማሊ ደግሞ ወደ ፓንዳርፑር መሄድ እንኳ አላስፈለገውም። ሽንኩርቱ፣ ፍጅሉ፣ ጎመኑ ሁሉ ለእኔ ቪታባይ ነች ይላል፤ አምላኩን በእናት ስም እየጠራ። ነጭ ሽንኩርት፣ ሚርቺና ድምብላልም ሃሪ፣ ማለትም ቪሽኑ፣ ሆኑልኝ ብሎ ይቀጥላል።

ይህቺ ሚርቺ ወደ ገድሎቹ ነጥብ ታሻግረኛለች። አጂ ይህን መዝሙር እያንጎራጎሩ ቃሪያ ሲከትፉ አንድ ቀን አንድ ጥያቄ መጣብኝ። ሳቫታ የ13ኛው መቶ ዓመት ሰው ነው። ቃሪያ ደግሞ፣ እንደ እኛው በርበሬ፣ ከአሜሪካ የመጣ ተክል ስለሆነ ህንድ የደረሰው ከ1500 ወዲህ በፖርቱጋሎች ዘመን ነው። ወይ ቃሉ ያኔ ቁንዶ በርበሬን ያመለክት ነበር፣ ወይ ኋላ የመጣ ዘማሪ ከራሱ ጓሮ ጨምሮበታል። ነገሩን ለአጂ ብነግራቸው ቢላዋቸውን እንኳ ሳያስቀምጡ ሳቁና «ታዲያ አሁን ሚርቺ አለን አይደል፣ እሷስ ለምን ትቅር?» አሉኝ።

ጸሐፊው እንደሚሉት እነዚህ ጽሑፎች እንደ ዜና መዋዕል አይነበቡም፤ ይህን እቀበላለሁ። የማሃራሽትራን ቅዱሳን ገድል በሰፊው ያስተሳሰረው ማሂፓቲ መጽሐፉን የጻፈው በ1762 ነው፤ ከቾካሜላ ከ400 ዓመት በላይ ርቆ። ነገር ግን «ተረት ነው» ብሎ መጣልና እንዴት እንደሚነበብ አለማወቅ አንድ አይደሉም። በገድል አገር ያደገ ሰው ይህን ማወቅ ነበረበት። የእኛ የታሪክ ምሁራን ከገድላት ውስጥ የመሬት ስጦታ፣ የገዳማት ጠብ፣ የንጉሥና የመነኩሴ ሙግት ለቅመው ስንት ነገር አውጥተዋል! የቱካራም መጻሕፍት ኢንድራያኒ ወንዝ ተጥለው ከ13 ቀን በኋላ ሳይርሱ ወጡ የሚለውን ተአምር ማመን የማንም ግዴታ አይደለም። መጻሕፍቱን እንዲያሰጥም መገደዱን፣ በወንዙም ዳር በጾም መቀመጡን የሚመሰክሩት ግን በራሱ ስም የሚዘመሩት መዝሙሮች ናቸው። ዝቅተኛ የተባለ ሰው ስለ አምላክ በመጻፉ ብራህሚኖች ምን ያህል እንደተቆጡ ከዚህ የበለጠ ምን ምስክር ይምጣ?

ሴቶች የሉም መባሉን በአጭሩ ማለፍ አልችልም። ጸሐፊው የጠቀሷት ልዕልት የራጃስታኗ ሚራባይ ናት፤ ታላቅ ናት፣ ግን ብቻዋን አይደለችም። ከእርሷ ብዙ መቶ ዓመት ቀድማ ከ12ቱ አልዋሮች አንዷ የሆነችው አንዳል 30 ስንኝ ያለው መዝሙሯን ትታልናለች፤ እስከ ዛሬ በታሚል አገር በማርጋሊ ወር፣ በታኅሣሥና በጥር አካባቢ፣ ከንጋት በፊት በየቀኑ ይዘመራል። ባሂናባይ (1628–1700) ብራህሚን ሆና የቱካራም ደቀ መዝሙር በመሆኗ ባሏ ሲደበድባት የኖረችውን ኑሮ በግጥም ጽፋለች። የቾካሜላ ሚስት ሶያራባይ ደግሞ ከባሏ የተሳለ ምላስ ነበራት። ሁሉም ሥጋ ርኩስ ነው ይላሉ፤ ርኩሰቱ የሚወለደው ግን ከሥጋው ጋር ነው፣ ያለ ርኩሰት የተወለደ ሥጋ የት አለ? ብላ ትጠይቃለች። የካስትን ነገረ መለኮት በአንድ ጥያቄ ሥሩን ነቀለችው።

ጃናባይም አለች፤ በናምዴቭ ቤት ገረድ የነበረችው። ገና ጎሕ ሳይቀድ ለወፍጮ ስትነሣ ቪቶባ መጥቶ የወፍጮውን እጀታ አብሯት ይይዛል፤ ኩበት ይለቅምላታል፣ ጸጉሯን ያበጥርላታል። እህል በእጅ ሲፈጭ የማሃራሽትራ ሴቶች ወፍጮ ላይ የሚያዜሙት የራሳቸው ዜማ ነበራቸው፤ ጃናባይም እዚያ ውስጥ ትኖራለች። የእኛ እናቶችም ድንጋይ ወፍጮ ላይ ጎንበስ ብለው ለማንም የማይነግሩትን ያንጎራጉሩ ነበር። በቤተ መንግሥት ብቻ ሴት የሚፈልግ ሰው ወፍጮ ቤቱን ሳያይ ያልፋል።

የመጨረሻው ነጥብ ብርቱካናማ ለባሾቹ ናቸው። እነዚህ ባክቲቬዳንታ ስዋሚ በ1966 ኒው ዮርክ ላይ ያቋቋሙት ማኅበር ተከታዮች ናቸው፤ መነሻቸው የቤንጋሉ ቻይታንያ ነው። ከአንድ ትልቅ ዛፍ አንድ ቅርንጫፍ እንኳ አልላቸውም፤ ነገሩ ዛፍ ሳይሆን ጫካ ነውና። በአሳም ግዛት ሻንካራዴቫ በ15ኛውና በ16ኛው መቶ ዓመት ያስተማረውን የሚከተሉት ቫይሽናቫዎች ለምሳሌ በመንደር የጸሎት አዳራሻቸው ምስል አያቆሙም፤ መንበሩ ላይ የሚቀመጠው መጽሐፍ ነው። ጸሐፊው «ያለ ምስል ቫይሽናቫ የለም» ያሉት ስለዚህ ልክ አይደለም።

«የቀረ የለም» ስለሚለው ደግሞ ያየሁትን ልንገራቸው። ፑኔ ላይ ክረምቱ የሚገባው እንደ እኛው በሰኔ ነው። በመጀመሪያው ዓመቴ አንድ ቀን ወደ ትምህርት ቤት ስወጣ መንገዱ ተዘግቶ ነበር። የቱካራምና የዲኛኔሽቫር የብር ጫማዎች በበሬ በሚጎተቱ ሠረገላዎች ላይ ሆነው፣ አንዱ ከዴሁ አንዱ ከአላንዲ፣ ወደ ፓንዳርፑር ሲሄዱ ፑኔ ላይ ያርፋሉ። ጉዞው ሦስት ሳምንት ያህል፣ ወደ 250 ኪሎ ሜትር፣ በእግር ነው። ከኋላ የሚከተለው ሰው ማብቂያ የለውም፤ ነጭ ለብሰው ጸናጽል የሚያቃጭሉ ገበሬዎች፣ በራሳቸው ላይ ቱልሲ የተባለ ቅዱስ ተክል የተተከለበት ማሰሮ የተሸከሙ ሴቶች፣ ዝናቡን በፕላስቲክ የሚመክቱ ሽማግሌዎች። «ዲኛንባ–ቱካራም» ይላሉ፣ ሁለቱን ስሞች ብቻ፣ ሰዓት ሙሉ፤ አንዱ በ13ኛው ሌላው በ17ኛው መቶ ዓመት የኖሩ መሆናቸው ማንንም አያስጨንቅም።

አጂ ሙዝ ገዝተው አሸክመውኝ ነበር፤ መንገድ ዳር ቆመን አደልን። ከአጠገባችን አንድ ጫማ ሰፊ ጆንያ አንጥፎ የተጓዦቹን የተበጠሰ ጫማ ሁሉ በነፃ ይሰፋል። አንዱ ገበሬ ሳንቲም ሊሰጠው ቢሞክር እጁን መልሶ ገፋውና፣ ጫማውን ከማቀበሉ በፊት ጎንበስ ብሎ እግሩን ነካ። ገበሬውም ጎንበስ ብሎ የጫማ ሰፊውን እግር ነካ። ጫማ ሰፊ በህንድ ከማን ወገን እንደሚቆጠር ጸሐፊው ያውቃሉ ብዬ አምናለሁ። ገበሬው ጫማውን አጠለቀ፤ ጫማ ሰፊው ግን ጉዞውን አልተቀላቀለም፣ የሚቀጥለውን ጫማ አነሣ።